ምትሃተኛው መጽሐፍ ስንት ፍየል ይፈጃል?

ምናባዊ ልብ ወለድ የሚጽፉ አንባቢዎቻችን በሚልኩልን ደብዳቤ ውስጥ አንድ ነገር እየተደጋገመ ይመጣል፤ መጽሐፍ። ነፋስ የሚያዝ፣ ሙት የሚቀሰቅስ፣ ከሺህ ዓመት በኋላ ከዋሻ የሚወጣ መጽሐፍ። የዚህን እትም የጥያቄና መልስ ዓምድ ሙሉውን ለእሱ ሰጥተነዋል። ደብዳቤዎቹን ለቦታ ስንል አሳጥረናቸዋል።

ጥያቄ፦ የምጽፈው ታሪክ የሚካሄደው ሰማይ ላይ በተንሳፈፉ አምባዎች ነው። በዚያ ዓለም «መዝገበ ነፋስ» የሚባል መጽሐፍ አለ። የነፋሳት ሁሉ ስም ተጽፎበታል፤ ስሙ የተጠራ ነፋስ ለጠራው ሰው ይታዘዛል። ረቂቁን ያነበቡልኝ ጓደኞቼ ግን «ልጅቷ መጽሐፉን ካገኘች በኋላ ምን ያስቸግራታል?» አሉኝ። ምን ብዬ ልመልስላቸው? (ከባሕር ዳር)

መልስ፦ ጓደኞችዎ ትክክለኛውን ቦታ ነክተዋል። ሁሉን የሚችል መጽሐፍ በተገኘበት ገጽ ላይ ታሪኩ ያልቃል። ከዚህ ለማምለጥ ብዙ ደራሲዎች ክልከላ ይደነግጋሉ፤ በሙሉ ጨረቃ ብቻ ይነበባል፣ ልበ ንጹሕ ብቻ ይከፍተዋል ይላሉ። እንዲህ ያለው ክልከላ ከመጽሐፉ ጋር ዝምድና ስለሌለው አንባቢ አያምነውም። ደራሲው ያመጣውን ደራሲው ሲቸግረው ያነሣዋል ብሎ ይጠብቃል፤ አብዛኛውን ጊዜም አይሳሳትም። የእኛ ምክር ገደቡ ከመጽሐፉ ከራሱ አካል እንዲወጣ ነው፤ ከቆዳው፣ ከቀለሙ፣ ከፊደሉና ከአነባበቡ።

በእርስዎ መጽሐፍ እንሞክረው። ከቆዳው እንነሣ። እያንዳንዱ ቅጠል ያ ነፋስ በሚነፍስበት አምባ ላይ ተወልዳ ካደገች ፍየል ቆዳ ብቻ ይሠራል ይበሉ፤ ስሙ በሌላ ቆዳ ላይ ቢገለበጥ ነፋሱ አይሰማም። በዚህ አንድ ደንብ ብቻ መጽሐፉ የማይባዛ ሆነ። አዲስ ነፋስ ለመጨመር ወደ አምባው መውጣትና ግልገሏ እስክታድግ መጠበቅ ግድ ሆነ። አምባው የወደቀ እንደሆነ ደግሞ ያ ቅጠል የመጨረሻው ነው።

ቀጥሎ ቀለሙን ይመልከቱ። ስሙ በተጠራ ቁጥር ጽሑፉ እንዳይነበብ ሆኖ ይደብዝዝ። በባህላዊው አሠራር ጥቁር ቀለም እስኪበስል ወራት ይፈጃል፤ ስለዚህ የደበዘዘውን ማደስ የአንድ ማታ ሥራ አይሆንም። ልጅቷ 40 ነፋስ ይዛ ብትነሣ 40 ጊዜ ብቻ ትጠራለች ማለት ነው። በ12ኛው ላይ በንዴት ያባከነችው ነፋስ በ38ኛው ላይ የግድ ያስፈልጋታል።

ከሁሉ ይበልጥ የሚያዋጣዎት ግን አነባበቡ ነው፤ ይህን ሀብት ደግሞ የእኛው ፊደል ይሰጠናል። ፊደላችን መጥበቅና መላላትን አይጽፍም። «ዋና» ሲላላ በውኃ ላይ የሚደረገው ነው፣ ሲጠብቅ የበላይ የሆነው ነው፤ ወረቀቱ ላይ ግን ልዩነት የላቸውም። በአብነት ትምህርት ቤትም ንባብ ራሱን የቻለ ትምህርት ነው። ተማሪው ተነሽ፣ ተጣይ፣ ሰያፍና ወዳቂ የሚባሉትን የአነባበብ ዓይነቶች ለይቶ ከየኔታ አፍ ይቀበላል፤ ፊደል ስለቆጠረ ብቻ አንባቢ አይባልም። ይህን ወደ አምባዎቹ ዓለም ያምጡት። መጽሐፉን የሰረቀ ሰው የሰረቀው ግማሹን ነው። ሌላው ግማሽ እዚያ ታችኛው አምባ ላይ በምትኖር አንዲት አሮጊት አፍ ውስጥ አለ። መላላት ያለበትን ያጠበቀ እንደሆነ የሚመጣው ሌላ ነፋስ ነው፤ ምናልባትም ስሙ ሊጠራ የማይገባው። ይኼኔ የጓደኞችዎ ጥያቄ መልስ አገኘ፤ ልጅቷ መጽሐፉን ካገኘች በኋላ የሚያስቸግራት የምታነብላትን ሰው መፈለግ ነው።

ሦስቱንም ባንድ ጊዜ አይጠቀሙ፤ ሁለቱ ይበቃሉ። የመረጡት ደንብ ደግሞ ገና በመጀመሪያዎቹ ምዕራፎች በትንሽ ጉዳይ ላይ ይታይ፤ ለምሳሌ እህሉን ከገለባው ለመለየት በተጠራ ነፋስ። አንባቢ ደንቡን በአውድማ ላይ አይቶት ከሆነ በጦር ሜዳ ላይ ሲደርስበት ተታለልኩ አይልም።

ጥያቄ፦ በታሪኬ ውስጥ ያለው ምሥጢራዊ መጽሐፍ 160 ቅጠል አለው። አንድ መነኩሴ ብቻውን፣ በአንድ ሌሊት፣ በብራና ላይ የጻፈው ነው። የብራና ሥራን በቅርብ አላውቅም። እውነት እንዲመስል ምን ልጨምር? (ከሐዋሳ)

መልስ፦ መጀመሪያ ሒሳቡን እንሥራ፤ ከሒሳቡ ታሪክ ይወጣልና።

ቅጠሉ ቁመቱ 30፣ ወርዱ 25 ሳንቲ ሜትር ነው እንበል። ብራና የሚቆረጠው ግን በነጠላ ቅጠል ሳይሆን ታጥፎ ሁለት ቅጠል በሚሆን ድርብ ነው፤ ስለዚህ የሚያስፈልገን 30 በ50 የሆነ ቁራጭ ነው። ከአንድ ፍየል ቆዳ አንገቱ፣ እግሩና ስስ የሆነው የሆዱ ክፍል ሲወጣ እንዲህ ያለ ቁራጭ አንድ፣ ቆዳው ሰፊ ከሆነ ሁለት ይገኛል። 160 ቅጠል ማለት 80 ድርብ ነው። ከ40 እስከ 80 ፍየል ፈጀን ማለት ነው። ያን ያህል ፍየል መነኩሴው ከየት አመጣ? የሰጠው ባላባት ማን ነው? ምን ፈልጎ ሰጠ? ሰው የማይደርስበት ዋሻ ውስጥ ብቻውን የሚኖር ባሕታዊ ትልቅ መጽሐፍ ሊኖረው አይችልም፤ ትልቅ መጽሐፍ ካለው ከኋላው መንጋ ያለው ሰው አለ።

አሠራሩ እንዲህ ነው። ቆዳው ጥቂት ቀናት ውኃ ውስጥ ይዘፈዘፋል። ከዚያ ዳር ዳሩ እየተበሳ በገመድ በእንጨት መወጠሪያ ላይ ይወጠራል። ሥጋና ሞራው በስለት ይፋቃል፤ በውኃና በሻካራ ድንጋይ ይታሻል፤ ፀሐይ ላይ ይደርቃል፤ በጠጉሩ በኩል ያለው ደግሞ ተላጭቶ ይለሰልሳል። ገመዱ ላልቶ ከደረቀ ብራናው ይጨማደዳል፤ ከመጠን በላይ ከተወጠረ ወይም ስለቱ ጠለቅ ካለ ይበሳል። እንስሳው በሕይወት ሳለ የነከሰው መዥገር ወይም የወጋው እሾህ ትቶት የሄደው ትንሽ ጠባሳም ሲወጠር ሰፍቶ ክብ ቀዳዳ ይሆናል። ጸሐፊው ቀዳዳውን ይሰፋዋል፣ ወይም ዙሪያውን እየዞረ ይጽፋል። ይህን ቀዳዳ አይርሱት። በቀዳዳው በኩል የሚቀጥለው ገጽ አንድ ቃል ይታያል፤ በምትሃት መጽሐፍ ውስጥ ያ ቃል ሌላ ዓረፍተ ነገር ውስጥ ገብቶ ይነበባል። በክረምት እርጥበት ቆዳው በወጉ ስለማይደርቅ ሥራው በበጋ ቢሆን ይመረጣል፤ የታሪክዎን ወራት በዚህ ያስተካክሉ።

ብራናው ሁለት ፊት አለው። የጠጉሩ ፊት ጠቆር ይላል፣ የጠጉሩ ሥር ነጠብጣብ ይታይበታል፤ የሥጋው ፊት ነጣ ያለና ለስላሳ ነው። ጥሩ ጠራዥ መጽሐፉ ሲገለጥ ጠጉር ከጠጉር፣ ሥጋ ከሥጋ ፊት ለፊት እንዲገናኝ አድርጎ ይደርበዋል። በመጽሐፍዎ አጋማሽ ላይ አንዱ ነጭ፣ አንዱ ጠቆር ያለ ገጽ ተፋጥጠው ከተገኙ ከመሃል ቅጠል ወጥቷል ማለት ነው። ገጸ ባሕርይዎ አንዲት ፊደል ሳታነብ ይህን ልታውቅ ትችላለች።

አራት ድርብ አንዱ በሌላው ውስጥ ሲገባ 8 ቅጠል፣ 16 ገጽ ያለው አንድ ጥራዝ ይሆናል። የእርስዎ መጽሐፍ 20 ጥራዝ ነው። ጸሐፊው ዳሩን በወስፌ ይወጋና ከነጥብ ወደ ነጥብ ቀለም የሌለው መስመር ጭሮ ያሰምራል። ጠረጴዛ የለውም፤ ብራናውን ጉልበቱ ላይ አድርጎ ነው የሚጽፈው። ብዕሩ ከመቃ የተቀረጸ ነው። ቀለሙ ከፊቱ መሬት ላይ በተተከሉ ሁለት ቀንዶች ውስጥ አለ፤ አንዱ ጥቁር፣ አንዱ ቀይ። ጥቁሩ ከጥላሸትና ከስሎ ከተፈጨ እህል ከመሳሰሉት ተዘጋጅቶ፣ በውኃ እየተማሰለ ለወራት ይቆያል። ቀዩ ለመክፈቻው መስመርና ለቅዱሳን ስም ነው። በእርስዎ ዓለም በቀይ የሚጻፈው የማን ስም ነው? ይህን ገና ሳይጀምሩ ይወስኑ፤ በ10ኛው ምዕራፍ ላይ የአንድ ተራ ሰው ስም በቀይ ተጽፎ ቢገኝ ብዙ ይናገራል።

አሁን ወደ ሌሊቱ እንምጣ። በየገጹ ሁለት ዓምድ፣ በየዓምዱ 20 መስመር፣ በየመስመሩ 11 ፊደል ቢኖር በአንድ ገጽ 440 ፊደል አለ። በ320 ገጽ 140,800 ይሆናል። ሌሊቱ 12 ሰዓት ከሆነ መነኩሴው በሰከንድ ከ3 ፊደል በላይ መጻፍ አለበት። ተአምር ነው ካሉ ተአምሩ ይታይ፤ ቀለሙ ሳይደርቅ የተገለጠ ገጽ፣ ፊት ለፊቱ ያለው ላይ ያረፈ የጽሑፉ ግልባጭ፣ ያበጠ ጣት። እኛ ግን ሌላ መንገድ እንጠቁምዎ። ለአንድ ፊደል 5 ሰከንድ ቢሰጡት በ12 ሰዓት 8,640 ፊደል፣ ማለትም 20 ገጽ ገደማ ይጽፋል። ይህ ከአንድ ጥራዝ ትንሽ ይበልጣል። እንግዲህ 19ኙ ጥራዝ በወራት የተጻፈ፣ የመጨረሻው ጥራዝ ብቻ በአንድ ሌሊት የተጻፈ ይሁን። ፊደሉ እየተጣደፈ፣ መስመሩ እየተንጋደደ፣ ቀይ ቀለሙ አልቆ የቅዱሳኑ ስም ሳይቀር በጥቁር ሲጻፍ አንባቢ ያን ሌሊት ምን እንደሆነ ለማወቅ ይቸኩላል።

ጥያቄ፦ አንድ መጽሐፍ ሺህ ዓመት ዋሻ ውስጥ ቢቀመጥ ይነበባል? እሳትና ውኃስ ምን ያደርጉታል? (ከደሴ)

መልስ፦ ብራና ይቆያል። በዓድዋ አቅራቢያ በአባ ገሪማ ገዳም ያሉት ወንጌላት በካርቦን ምርመራ ከ330 እስከ 650 (እ.ኤ.አ.) ባለው ጊዜ ውስጥ የተሠሩ መሆናቸው ታውቋል፤ ሥዕላቸው ዛሬም ቀለሙ ደማቅ ነው። ዋሻው ደረቅ ይሁን እንጂ ሺህ ዓመት አይበዛበትም። እርጥብ ከሆነ ግን ሻጋታው ቀድሞ ይበላዋል፤ አይጥም ቆዳ ነውና ከዳር ጀምሮ ይቆረጥመዋል።

በእሳት በኩል ብዙ ደራሲ ይስታል። ብራና እንደ ወረቀት ቦግ ብሎ አይነድም። ይኮማተራል፣ ይጠቀለላል፣ ጠጉር ሲቃጠል የሚሸተውን ሽታ ይሰጣል። ሽፋኑ በሆኑት ሁለት የእንጨት ገበታዎች መሃል ጠብቆ የተዘጋ መጽሐፍ ውስጡ አየር ስለሌለ ዳሩ ከስሎ መሃሉ ሊተርፍ ይችላል። ስለዚህ ክፉው ንጉሥ መጽሐፉን ምድጃ ውስጥ ወርውሮ ዞሮ ከሄደ መጽሐፉ አልጠፋም። ለማጥፋት ቅጠል በቅጠል መቀደድ አለበት፤ ያንን ሲያደርግ ደግሞ ሳይወድ በግዱ ያነበዋል።

ውኃ የከፋው ጠላት ነው፤ የሚያደርሰው ጉዳት ግን እንደ ቀለሙ ዓይነት ይለያያል። የጥላሸት ቀለም ከብራናው ላይ ይቀመጣል እንጂ ወደ ውስጥ አይሰርግም። ርሶ በእጅ ከታሸ ይፈዛል፣ ይለቃል። በአውሮፓ ሲሠራበት የኖረው ከብረት ጨውና ከዛፍ እባጭ የሚዘጋጀው ቀለም ግን ይሰርጋል፤ በውኃ በቀላሉ አይለቅም፣ ይልቁንም በዘመን ብዛት ቡናማ ሆኖ የተጻፈበትን ራሱን እየበላ ይበሳዋል። ለዓለምዎ ከሁለቱ አንዱን ይምረጡ። የመጀመሪያውን ከመረጡ ዝናብ መጽሐፉን ያሰጋዋል፤ ሁለተኛውን ከመረጡ ቃሉ ራሱ ገጹን እየበላ ነው።

ጥያቄ፦ የምትሃቱን ቃላት በምን ቋንቋ ልጻፍ? ከእውነተኛ የግዕዝ ጸሎት ብወስድ ነውር ነው? የራሴን ፊደል ብፈጥርስ? (ከጎንደር)

መልስ፦ እውነተኛ ጸሎት አይውሰዱ። የሚጸልዩበት ሰዎች ዛሬም አሉ፤ ለጠንቋይ ገጸ ባሕርይ አፍ ማሟሻ ማድረግ ያስቀይማል። ለታሪኩም አይጠቅምም፤ ቃሉን የሚያውቅ አንባቢ ከእርስዎ ዓለም ወጥቶ ወደ ቤተ ክርስቲያኑ ይሄድብዎታል።

የተሻለው መንገድ እውነተኛ የአስማት ቃላት እንዴት እንደሚፈጠሩ ማየትና በዚያው መንገድ መሄድ ነው። ከጥንት ሮማውያን ዘመን ጀምሮ አምስት ቃላት ያሉት አንድ የላቲን የፊደል አራት ማዕዘን አለ፤ «ሳቶር፣ አሬፖ፣ ቴኔት፣ ኦፔራ፣ ሮታስ»። ከቀኝም ከግራም፣ ከላይም ከታችም ያው ይነበባል። በ79 (እ.ኤ.አ.) በእሳተ ገሞራ በተቀበረችው በፖምፔ ግድግዳ ላይ ተገኝቷል። እነዚህ ቃላት አገር ለአገር ሲዞሩ ቆይተው ወደ እኛ ሲደርሱ ሳዶር፣ አላዶር፣ ዳናት፣ አዴራ፣ ሮዳስ ተብለው የአምስቱ ቅንዋተ መስቀል (ክርስቶስ የተቸነከረባቸው ችንካሮች) ስም ሆነዋል። ምን እንደሆነ ልብ ይበሉ፤ ላቲን በማያውቅ ገልባጭ እጅ ድምፁ ተለወጠ፣ አራት ማዕዘኑ ፈረሰ፣ ክብሩ ግን ጨመረ። እርስዎም እንዲሁ ያድርጉ። መጀመሪያ በፈጠሩት ዓለም ትርጉም ያለው ተራ ዓረፍተ ነገር ይጻፉ፤ «በሩን ለውኃ ክፈት» ይሁን። ከዚያ ሦስት ትውልድ ገልባጮች ያሳልፉት። የመጀመሪያው አንድ ተነባቢ ያሳስት፣ ሁለተኛው ሁለት ቃል ያጣብቅ፣ ሦስተኛው የማይገባውን በሚያውቀው ስም ይተካ። የተረፈው የምትሃት ቃልዎ ነው። ዝም ብሎ ከተፈበረከ ቃል የሚለየው ሥር ስላለው ነው፤ አንዲት ገጸ ባሕርይ ወደ ኋላ ተከትላው ዋናውን ብታገኘው አንባቢ አብሯት ይደርሳል።

የገልባጭ ስሕተት ራሱ ሀብት ነው፤ የተለመዱትን እንንገርዎ። አንደኛው የዓይን መዝለል ነው። አንድ ቃል በሁለት ቅርብ መስመሮች ከተደጋገመ ዓይን ከመጀመሪያው ወደ ሁለተኛው ይዘልና መሃሉ ይቀራል። ገልባጩ ሲነቃ የቀረውን ከላይ በኅዳጉ ላይ አስፍሮ በምልክት ያገናኘዋል፤ ካልነቃ ድግምቱ መሃሉ የጎደለ ነው። ሌላው የአኃዝ ነው። ፮ እና ፯ን አስተያይተው ይመልከቱ፤ በደበዘዘ ብራና ላይ «ስድስት ጊዜ በል» እና «ሰባት ጊዜ በል» ለመለየት ያስቸግራሉ። ደግሞ ብራና ይፋቃል፤ የተሳሳተ ፊደል በስለት ተፍቆ በላዩ ይጻፋል፣ የተፋቀው ቦታ ሲዳሰስ ሻክሮ ይገኛል። ገጸ ባሕርይዎ ዓይነ ስውር ብትሆን እንኳ የተለወጠው ስም የት እንዳለ በጣቷ ታውቀዋለች።

ፊደል ስለ መፍጠር፦ ማንም ያላነበበው ጽሑፍ ምን እንደሚመስል ለማየት ዊልፍሪድ ቮይኒች የተባለ የመጻሕፍት ነጋዴ በ1912 (እ.ኤ.አ.) ገዝቶት አሁን በአሜሪካ በዬል ዩኒቨርሲቲ የሚገኘውን መጽሐፍ ምስሎች ይመልከቱ። ብራናው ከ1404 እስከ 1438 (እ.ኤ.አ.) የተሠራ መሆኑ በምርመራ ታውቋል፤ ጽሑፉ ግን እስካሁን አልተፈታም። እውነተኛ ጽሑፍ የሚያስመስለው ሥርዓቱ ነው። አንዳንዱ ምልክት ቃል መጀመሪያ ላይ፣ አንዳንዱ መጨረሻ ላይ ብቻ ይመጣል፤ ቃላትም ይደጋገማሉ። በዘፈቀደ የተሞነጫጨረ ምልክት ይህ ስለሌለው ያስታውቃል። በእኛ ፊደል መንገድ ለመሄድ ከፈለጉ 33ቱ በ7 ተባዝተው 231 መሆናቸው አያስፈራዎት፤ 20 መነሻ ፊደልና 4 የድምፅ ምልክት ይበቃዎታል፣ 80 ይሆናሉ። ምልክቶቹ ወጥ ይሁኑ፤ ካዕብ ከወገቡ፣ ሣልስ ከእግሩ እንደሚቀጠል። ጥቂቶቹን ግን ሆን ብለው ከደንቡ ያውጧቸው። ሳድሳችን መልኩ እንደየፊደሉ ይለዋወጣል፤ ሩ እና ሪም ከጓደኞቻቸው የተለዩ ናቸው። ለብዙ ዘመን በሰው እጅ ሲጻፍ የኖረ ፊደል እንዲህ ያለ ዝንፍ አያጣም።

ጥያቄ፦ የእኔ ጀግና መጽሐፍ ሳይሆን ክታብ ነው የሚይዘው። እዚህ ያደጉ ልጆቼም ያነቡታልና ምን እንደሚመስል በትክክል መግለጽ እፈልጋለሁ። (ከዋሽንግተን ዲሲ)

መልስ፦ ተለቅ ያለው ክታብ የብራና ጥቅልል ነው። ሁለት፣ ሦስት ወይም አራት ቁራጭ ብራና ጫፍ ለጫፍ በቀጭን የብራና ጠፍር ተሰፍተው ይረዝማሉ፤ በወጉ ርዝመቱ የባለቤቱን ቁመት ያህል ነው፣ ከራስ ጠጉር እስከ እግር ጥፍር እንዲጠብቅ። ጽሑፉ በጠባብ ዓምድ ወደ ታች ይወርዳል። በጽሑፉ መሃል ሰይፍ የያዙ መላእክት፣ ባለ ስምንት ጫፍ ኮከብ ውስጥ የተቀመጠ ፊት፣ ትልልቅ የሚመለከቱ ዓይኖች ይሣላሉ፤ ጠልሰም የምንለው ይህ ነው። ተጠቅልሎ በቆዳ ይለበጥና በአንገት ይንጠለጠላል።

ለታሪክ የሚመቸው ክፍል የባለቤቱ ስም ነው። የክርስትና ስሙ በጸሎቱ መሃል እየተደጋገመ ይገባል። ክታቡ ወደ ሌላ ሰው ሲያልፍ የቀድሞው ስም ተፍቆ አዲሱ ይጻፍበታል፤ በችኮላ ሲሠራ አንዱ ቦታ ሳይፋቅ ይቀራል። ጀግናዎ ከአያቷ የወረሰችው ክታብ በአምስት ቦታ የእሷን፣ በስድስተኛው የማታውቀውን ሰው ስም ቢጠራ ክታቡ የሚጠብቀው ማንን ነው? ቁመቱም እንዲሁ ይጠቅምዎታል። በሕፃንነቷ ለቁመቷ የተሠራላት ክታብ ስታድግ ያጥርባታል፤ የማይሸፈነው ጉልበቷ ይሁን እግሯ እርስዎ ይወስናሉ።

ጥያቄ፦ አጭር ፊልም እየሠራን ነው። አስማተኛው መጽሐፍ በቅርብ ይቀረጻል። አሮጌ የብራና መጽሐፍ ገዝተን ብንጠቀም ይሻላል ወይስ እንሥራ? (ከአዲስ አበባ)

መልስ፦ ሥሩት። አሮጌ የብራና መጽሐፍ ቅርስ ነው፤ በአዋጅ ቁጥር 209/1992 የተጠበቀ ነው፣ ለቀረጻ መብራትና ለብዙ እጅ ማጋለጥም ጥፋት ነው። በየሱቁ ተገንጥሎ የሚሸጥ ነጠላ ቅጠልም አትግዙ፤ አንድ መጽሐፍ ሳይፈርስ ነጠላ ቅጠል አይገኝምና።

ለካሜራ 160 ቅጠል አያስፈልጋችሁም። 40 ኤ3 ወረቀት ውሰዱ፤ ሲታጠፍ 80 ቅጠል፣ 10 ጥራዝ ይሆናል። ወረቀቱ ወፍራም፣ ከ120 እስከ 160 ግራም ይሁን። ጽሑፉን በሌዘር ማተሚያ ወይም በፎቶ ኮፒ አሳትሙ፤ በኢንክጄት ካሳተማችሁ ሻይ ሲነካው ቀለሙ ይሮጣል። አንድ ሊትር ውኃ ውስጥ 10 ከረጢት ሻይ አፍልታችሁ ካቀዘቀዛችሁ በኋላ ወረቀቱን አንድ በአንድ ለ5 ደቂቃ ንከሩት። ጥላ ውስጥ አንጠፍጥፉት፤ ፀሐይ ላይ ካሰጣችሁት ይጠቀለላል። እርጥበቱ ሙሉ በሙሉ ሳይለቀው በንጹሕ ጨርቅ መሃል ደርድራችሁ ከባድ ነገር ጫኑበትና ይደር።

አሠራሩን የሚያጋልጠው ስሕተት ሁሉም ገጽ እኩል ቡናማ መሆኑ ነው። ብዙ የተገለጠ መጽሐፍ የሚጠቁረው አውራ ጣት በሚያርፍበት በታችኛው የውጭ ጥግ ነው፤ ወደ ስፌቱ እየቀረበ ሲሄድ ይነጣል። ስለዚህ ለጥጉ ብቻ ጠንካራ ሻይ በጨርቅ ደጋግማችሁ አስነኩት። በደነዘዘ ወስፌም ቀለም የሌለው መስመር በየጽሑፉ ሥር አስምሩ፤ መብራቱ ከጎን ሲመጣ መስመሩ ይታያል።

ለስፌቱ በየጥራዙ እጥፋት ላይ አራት ቀዳዳ ብሱ፤ ሁለቱ ወደ ላይ፣ ሁለቱ ወደ ታች ተጠጋግተው። በሰም የታሸ የጥጥ ክር ተጠቀሙ። መርፌው ከጥራዙ ወጥቶ በፊተኛው ጥራዝ ክር ሥር ያልፍና በዚያው ቀዳዳ ይመለሳል፤ ከጀርባው ሰንሰለት የመሰለ መስመር ይሠራል። ክሩን ስታጠብቁ ወደ ጀርባው ርዝመት ሳቡ። ወደ ራሳችሁ ከሳባችሁት ቀዳዳው ይቀደዳል፤ ካላጠበቃችሁት ጥራዞቹ ይንሸራተታሉ። ገበታው ዋንዛ ወይም ከ6 እስከ 8 ሚሊ ሜትር የሆነ ኮምፔንሳቶ ሊሆን ይችላል፤ መጠኑ ልክ የቅጠሎቹን ያህል ይሁን እንጂ እንደ ዘመኑ መጽሐፍ ከቅጠሉ ወጣ አይበል። ክሩ በገበታው ጠርዝ በተበሳው ቀዳዳ በኩል ይታሰራል። አንዱን ገበታ በቁመቱ ሰንጥቃችሁ በክር ብትሰፉት ብዙ ዘመን ያየ ይመስላል፤ እውነተኞቹም እንዲህ ይጠገናሉ። ለማኅደሩ፣ ማለትም መጽሐፉ ለሚያዝበት የቆዳ ከረጢት፣ ያልተቀባ የበግ ወይም የፍየል ሌጦ ከረጅም ማንገቻ ጋር ተጠቀሙ።

ወረቀት ግን የብራናን ድምፅ አይሰጥም። ብራና ሲገለጥ ጠጠር ያለ፣ የሚንኮሻኮሽ ድምፅ አለው፤ የደረቀ የከበሮ ቆዳ ቁራጭ ማይክሮፎን አጠገብ ቀስ እያላችሁ እያጠፋችሁ ለየብቻ ቅዱትና በምስሉ ላይ አስገቡት።